እናቴን የመረጥሁበት የበርበሬ ወቅት

ወፍጮ ቤት በርበሬ ሲፈጭ ሰው ሁሉ አፍንጫውን በነጠላ ይዞ ይሸሻል። እኔ ጠጋ እላለሁ። በቀደም የወፍጮ ቤቱ ልጅ «እህቴ፣ ኧረ ወጣ በይ፣ ያፍንሻል» ቢለኝ «አንተ አስነጥስ፣ እኔን ተወኝ» አልሁት። ሳቀብኝ። እሱ የሚሸተው የሚፈጨው በርበሬ ነው። እኔን የሚሸተኝ ከሚሊኒየሙ በፊት በነበረው በጋ፣ ቡሬ ከተማ አንድ ግቢ ውስጥ፣ ሸራ ላይ ተዘርግቶ ፀሐይ ሲሞቅ የነበረው ነው። በዚያ በጋ እናቴን መረጥሁ። ሌላው ሰው ሁሉ በተሰጠችው እናት ነው የሚያድገው፤ እኔ ዞሬ፣ አይቼ፣ አወዳድሬ ነው የያዝኋት። ብኮራ አይፈረድብኝም።

የተወለድሁት ደጋ ዳሞት፣ ከፈረስ ቤት ወጣ ብሎ ባለ መንደር ነው። ስሜ ይታይሽ ነው። ወላጅ እናቴ እኔ ገና ጥርሴን ሳልነቅል ሞተች፣ አባቴም ሌላ ሚስት አገባ። ታሪኬን ስጀምር ሰው እዚህ ላይ ከንፈሩን ይመጥና የእንጀራ እናት ክፋት ይጠብቃል። አዝናለሁ፣ ክፋት የለኝም። የአባቴ ሚስት ቅን ሴት ነበረች። እሷ በየጊዜው ትወልዳለች፤ አንድ ልጅ በተወለደ ቁጥር እኔ ከመደቡ ወደ በሩ እገፋለሁ። በመጨረሻ የደረሰኝ ቦታ በሩ ሥር ነበር። ጠዋት ጥጆቹ ሲወጡ በላዬ ያልፋሉ፣ ማታም የመጨረሻው ብርድ የሚገባው በእኔ በኩል ነው።

አንድ ቀን አባቴ ኮስተር ብሎ፣ ደንበጫ ያለችው እህቱ ልጅ የሚይዝላት እንዳጣችና እኔ እዚያ እንደምሄድ ነገረኝ።

«ትምህርቴስ?» አልሁት።

«ትምህርቱ የት ይሄድብሻል?» አለ።

ያኔ የአሥራ አንድ ዓመት ልጅ ነበርሁ፣ ግን ነገሩ ገባኝ። እዚያም ቤት ልጅ ይወለዳል፣ እዚያም ቤት በር አለው። ከሰው ቤት ሰው ቤት መዞሬ ካልቀረ፣ ቤቱን እኔው ልምረጠው ብዬ ወሰንሁ።

ጅጋ ገበያ ከሚወርዱ ሰዎች ጋር ተቀላቅዬ ወጣሁ። በብዙ ሰው መሀል የምትሄድን ልጅ እያንዳንዱ የሌላው ልጅ ናት ብሎ ያልፋታል። ጅጋ ላይ ማንም ሳያየኝ እህል የጫነ አይሱዙ ላይ ወጥቼ ፍኖተ ሰላም ገባሁ። የመንደራችን ቄስ ፍኖተ ሰላም ማለት የሰላም መንገድ ማለት ነው ብለው ነግረውን ስለነበር፣ ማንም የማይጮህባት ከተማ ትመስለኝ ነበር። መናኸሪያው ስደርስ ረዳቶቹ «ባሕር ዳር! ባሕር ዳር! የሞላ!» እያሉ አንዱን መንገደኛ በሁለት እጁ ይጓተቱታል። ሰው የተጣላ መስሎኝ ገላጋይ እስኪመጣ ቆሜ ጠበቅሁ። ገላጋይ አልመጣም፣ ሰውየውም እየሳቀ ተሳፈረ።

መናኸሪያው ጎን እንደ እኔ ከየገጠሩ የመጡ ልጆች በረንዳ ነበራቸው። አገሬ የሚያውቀኝ ሰው ሁሉ «የማን ልጅ ነሽ?» ይለኝ ነበር፤ እነሱ «የየት በረንዳ ልጅ ነሽ?» አሉኝ። የማንም አይደለሁም ስል ሰንዱ የምትባል ከእኔ ከፍ ያለች የማንኩሳ ልጅ ካርቶኗን ከፍላ ሰጠችኝ። ደግ ነበሩ። ግን በረንዳ ማለት በር ሥር ማለት ነው፣ ያውም ከውጭ በኩል። እኔ እሱን ፈልጌ አልወጣሁም።

ቀን ቀን በከተማው እየዞርሁ ሴቶችን በዓይኔ መመዘን ያዝሁ። ቲማቲም የምትሸጥ አንዲት ሴት ስታየኝ ፈገግ አለች፤ ቆይቼ ሳያት ለሁሉም ፈገግ ትላለች፣ ተውኋት። አንዷ ቤቷ ያምራል፣ ግን በየመስኮቱ የልጅ ጭንቅላት ይታያል፤ ነገ ወደ በሩ መገፋቴ አይቀርም። አንዷን ወድጃት ነበር፣ ውሻዋ አልወደደኝም። ሰንዱ ነገሬን ስትሰማ በሳቅ ሞተች። «አንች ልጅ፣ እናት እንደ ሽንኩርት ይመረጣል እንዴ?» አለችኝ። ቢሆንም የኋላ ኋላ የረዳችኝ እሷ ናት። ኅዳር ሲገባ ቡሬ በርበሬ ለመቀንጠስ ትሄድ ነበርና «ነይ፣ እዚያ ብዙ ሴት አለ፣ እያማረጥሽ ትይዣለሽ» ብላ ወሰደችኝ።

ግቢው ከቡሬ ገበያ ጀርባ ነው። ዙሪያው በቆርቆሮ የታጠረ፣ መሬቱ ከዳር እስከ ዳር ሸራ የለበሰ፣ ሸራው ላይ ዛላ በርበሬ የተሰጣበት። መጀመሪያ ሳየው ያን ያህል ቀይ ነገር በአንድ ቦታ አይቼ ስለማላውቅ ሰርግ ያለ መሰለኝ። ከዚያ ተነፈስሁ። ዓይኔ፣ አፍንጫዬና ጉሮሮዬ ተባብረው አለቀሱ። ክብ ሠርተው የተቀመጡት ሴቶች «እንኳን ደኅና መጣሽ!» እያሉ ሳቁብኝ።

ሥራው የዛላውን ጭራ ቀንጥሶ፣ የነጣውንና የሻገተውን ለይቶ፣ ደህናውን ማዳበሪያ ውስጥ መክተት ነው። የግቢው ሕግ አንድ ብቻ ነበር፦ ዓይንሽን አትንኪ። እንባ ቢመጣ በትከሻ ነው የሚጠረገው። ሕጉን ከለመድሁ በኋላ የቀደመኝ የለም። ጣቴ ቀጭን ስለሆነ ዛላው ሳይሰበር ጭራውን ከሥሩ ያወጣል፤ ዛላ ከተሰበረ ፍሬው ይፈስና ነጋዴ ፊቱን ያዞራል። ማታ ማታ ጣቶቼ እሳት ይሆኑ ነበር። እኔ ግን እያየኋቸው ደስ ይለኝ ነበር፤ ሰው የሚፈልጋቸው ጣቶች ኖረውኝ አያውቅማ።

የግቢው ባለቤት እትዬ አንጓች ይባላሉ። ረዥም፣ ከሲታ፣ ድምፃቸው ከገበያው ማዶ የሚሰማ ሴት ናቸው። ባላቸው ሞቷል፣ ልጅ አልወለዱም። አፋቸው ማንንም አይምርም፤ ሲሰድቡ ግን ከነጋዴው እስከ አህያ ነጂው እኩል ነው የሚሰድቡት፣ አድልዎ የለባቸውም። በመጣሁ ሰሞን ከአዲስ አበባ የመጣ ነጋዴ በጣቱ አሳየኝና «ይህችን ሕፃን አስወጧት፣ ዛላ ትሰብራለች» አላቸው። እትዬ አንጓች ከፊቴ የነበረውን በእፍኛቸው አፈሱና እግሩ ሥር ዘረገፉት።

«እስቲ የተሰበረ አሳየኝ።»

ጎንበስ ብሎ ፈለገ፣ አጣ።

«እንግዲያው ኸግቢዬ ማን እንደሚወጣ አንተ አትነግረኝም» አሉት። ወደ እኔ ዞረው ደግሞ «አንችም አፍሽን ከፍተሽ አትዪኝ፤ ቀንጥሺ!» ብለው ተቆጡኝ።

እኔ መረጥኋቸው። ፍለጋዬ እዚያው ላይ አለቀ። የቀረው እሳቸው እኔን መምረጣቸው ብቻ ነበር፣ እሱ ደግሞ ከባድ ሆነ። ሌሎቹ ቀንጣሾች ማታ ወደየቤታቸው ሲሄዱ እኔና ሰንዱ መጋዘኑ ውስጥ ማዳበሪያ ላይ እንድንተኛ እትዬ አንጓች ፈቀዱልን፣ ከእራታቸውም ይልኩልን ነበር። ከዚያ ያለፈ ነገር የለም። አንድ ቀን ከየት እንደመጣሁ አውጣጡኝና ቁርጡን ነገሩኝ።

«ስሚ፣ ይታይሽ። በርበሬው እስኪያልቅ ሥሪ። ሲያልቅ ለአገርሽ ሰው አሳልፌ እሰጥሻለሁ። የሰው ልጅ ደብቄ የምኖር ሌባ አይደለሁም።»

«አባቴ አይፈልገኝም» አልኋቸው።

«እሱን አባትሽ ይናገር። አንች አትናገሪለት።»

ከዚያ ቀን ጀምሮ ሸራው ላይ የቀረውን በርበሬ በየማለዳው በዓይኔ እለካለሁ። ሌሎቹ ሸራው ሲራቆት «እፎይ» ይላሉ፤ እኔ አዲስ ጭነት ሲገባ ነው እፎይ የምለው። ጥር ሲጋመስ የሚገባው ጭነት እየሳሳ መጣ። የመሬቱ አፈር በሸራዎቹ መሀል መታየት ጀመረ።

ያን ጊዜ የአያቴ ወሬ ትዝ አለኝ። አያቴ፣ የእናቴ አባት፣ ከመሞቱ በፊት ያጫወተኝ ነው። በአገራችን ሰው የሌለው ሰው የሌላ ሰው ልጅ መሆን ሲፈልግ፣ በማር የተቀባ አውራ ጣት ይጠባል። ያ እንደ ጡት ይቆጠራል፤ ከዚያ ወዲያ የጡት ልጅ ነው፣ ማንም አይነጥለውም። አያቴ የሚያውቀው አንድ ሰው ነፍስ አጥፍቶ ሸፍቶ ኖረ፤ ኋላ የሟች እናት ደጃፍ መጥቶ ወደቀ። አውራ ጣቷን በማር ጠባ። ቀና ብላ ልታየው የማትችለውን ሰው «ልጄ» ብላ አስነሣችው። አያቴ ሽማግሌ እንደሚቀመጥም፣ ፈቃድ እንደሚጠየቅም ነግሮኝ ይሆናል። እኔ የያዝሁት ጣቱንና ማሩን ብቻ ነው። ምላሴ የእትዬ አንጓችን ጣት ከነካ፣ ከዋጥሁትም አለቀ፣ እንደ ክርስትና አይፋቅም ብዬ አመንሁ። ገዳይ ልጅ ከሆነ እኔ በርበሬ ቀንጣሿ ምን ይጎድለኛል?

ማሩ ቀላል ነበር። የቡሬ ማር ሻጮች ገዢን በእንጨት ጫፍ ያቀምሳሉ። አንዱ ሽማግሌ ዘንድ ቀርቤ «ያቅምሱኝ» አልኋቸው። አስተያየታቸው ገዢ አለመሆኔን እንዳወቁ ያስታውቃል፣ ቢሆንም እንጨቱን ነክረው ሰጡኝ። እኔ አልላስሁትም። ያዘጋጀሁት የጉሎ ቅጠል ላይ ጠረግሁና እንጨታቸውን መለስሁላቸው።

«ምነው፣ ማር አትወጂም?» አሉኝ።

«ለእናቴ ነው» አልሁ። ቃሉ ከአፌ ሲወጣ ራሴም ደነገጥሁ። ሽማግሌው እንደገና ነክረው ጨመሩልኝ። ቅጠሉን በሁለት እጄ አቅፌ፣ ዝንቡን እፍ እያልሁ፣ ገበያውን ሰንጥቄ ሄድሁ። እንደዚያን ቀን ቀጥ ብዬ የሄድሁበት ቀን የለም።

እትዬ አንጓች ከምሳ በኋላ ማዳበሪያ ተደግፈው ሸለብ ያደርጋቸዋል። ሲተኙ ሁልጊዜ እጃቸውን ብብታቸው ሥር አድርገው፣ ነጠላቸውን እስከ አገጫቸው ስበው ነው። የዚያን ቀን ግን እግዜር ሊረዳኝ ፈልጎ፣ ቀኝ እጃቸው ጭናቸው ላይ ተዘርግቶ፣ አውራ ጣታቸው ወደ ላይ ቀና ብሎ አገኘሁት። ቀንጣሾቹ ጥላው ሥር ተኮልኩለው ያወራሉ። ተንበረከክሁ። ማሩን በቀስታ ቀባሁት። አባታችን ሆይ በሚለው ጀመርሁ፣ መሀሉ ጠፋኝ፣ ተውሁትና ጣቱን ጎረስሁ።

የረሳሁት ነገር እኒያ ጣቶች ከጠዋት ጀምሮ በርበሬ ሲቀነጥሱ መዋላቸውን ነው።

ማሩ ለቅጽበት ጣፈጠ። ከዚያ አፌ ተቃጠለ፣ ምላሴ፣ ላንቃዬ፣ እስከ ጆሮዬ ድረስ ነደደ። እንባዬና ንፍጤ አንድ ላይ ወረዱ። የሰውነቴ ሁሉ ሐሳብ መትፋት ነበር። ከተፋሁት ግን አልጠባሁም ማለት ነው። ስለዚህ ጣቱን በጥርሴ ያዝ አድርጌ፣ ጠባሁ፣ ዋጥሁ፣ እንደገና ጠባሁ። ዛሬም ድረስ በሕይወቴ ከሠራሁት ሥራ ሁሉ የምኮራበት ይህ ነው። በመጨረሻ ሳል አሸነፈኝና ወደ ኋላ ወደቅሁ። ሴቶቹ እየሮጡ መጡ። አንዷ ውኃ፣ አንዷ እርጎ ይዛ። ሰንዱ ነገሩ ሲገባት «ኧረ ጉድ ነው፣ ጡት ጠብታ ነው! የበርበሬ ጡት!» ብላ ጮኸች፣ ግቢው በሳቅ ተናወጠ።

እትዬ አንጓች አልሳቁም፣ አልተቆጡም። ጣታቸውን አዩት፣ እኔን አዩኝ፣ ተነሥተው ቤታቸው ገቡና በሩን ዘጉ።

ከዚያ ወዲያ ስድባቸው እንኳ ቀረብኝ። ለሁሉም ይጮኻሉ፣ እኔ ጋ ሲደርሱ ዝም ይላሉ። እኔ ምክንያቱን አገኘሁት፤ በርበሬ የነካው ማር አይሠራም፣ ጡቱ ተበላሽቷል። ሌላ ማር ልፈልግ እያልሁ ሳለ አባቴ መጣ።

በርበሬ ሊሸጥ የመጣ ያገራችን ሰው አይቶኝ ኖሮ ነግሮታል። የግቢው በር ላይ ዱላውን ተመርኩዞ፣ እግሩ እስከ ጉልበቱ አቧራ ለብሶ ቆመ። አባቴ አገራችን ትልቅ ሰው ነበር፤ ቡሬ ላይ አጠረብኝ። ሲያየኝ ሊመታኝ እጁን ያነሣ መስሎኝ ዓይኔን ጨፈንሁ። ራሴን ነው የዳበሰኝ። «ወፍራለች» አለ፣ ለማንም ሳይሆን።

እትዬ አንጓች «እንዲሁ ይዘሃት አትሄድም፤ ሰው ይቀመጥ» አሉት። የሰፈሩ ንስሐ አባት አባ ገረመው ከሁለት ሽማግሌዎች ጋር መጡ፤ ግቢው ውስጥ ማዳበሪያ ላይ ተቀመጡ። ቀንጣሾቹ ሥራ የሚሠሩ መስለው ጆሯቸውን አቀኑ።

አባቴ ቀድሞ ተናገረ። «አባ፣ ልጄን አልሸጥሁም፣ አልጣልሁም። ጠፍታብኝ ነው። ይዣት ልግባ።»

«አንችስ፣ አንጓች?» አሉ አባ ገረመው።

እትዬ አንጓች መሬት መሬት ያያሉ። አሳልፈው እንዳይሰጡኝ ፈርቼ እኔው ጮኽሁ።

«ጠብቻቸዋለሁ! በማር ጠብቻቸዋለሁ! ዋጥሁት!»

ሴቶቹ ሳቃቸውን ማፈን አቃታቸው። አባ ገረመው ወሬውን ሰምተው ኖሯል። «ልጄ» አሉኝ፣ ለስለስ ብለው፣ «ጡት ሁለት ሰው ይፈልጋል። የሚጠባ አለ፣ የሚያጠባ አለ። ፈቃድ ከሌለ አይጸናም። እሷ ተኝታ ነበር አሉ።»

አንገቴን ደፋሁ። አያቴ ይህን ነግሮኝ ይሆናል፣ እኔ ነኝ ያልያዝሁት። አባቴ ለመሄድ ዱላውን አነሣ።

«ተኝቼ አልነበረም» አሉ እትዬ አንጓች።

ሁሉም ወደ እሳቸው ዞረ።

«አባ ይፍቱኝ፣ እውነቱን ልናገር። በጉሎ ቅጠል ማር ይዛ ስትገባ አይቻታለሁ። እኔም የዚሁ አገር ልጅ ነኝ፤ ማር ይዛ ወደ እኔ የምትመጣ ልጅ ምን እንደምትፈልግ አጣዋለሁ? አልጋበዝኋትም፤ አባት ያላትን ልጅ ነይ ማለት አልችልም። ግን ዓይኔን ጨፍኜ እጄን ኸብብቴ አወጣሁት። እኔ ነኝ የዘረጋሁላት።» አውራ ጣታቸውን ቀና አድርገው አሳዩ። «አገሩ መካን ሲለኝ ኖሯል። በዚህ ጣት የጠባኝ ልጅ የለም። አንድ ናት። አሁን አባቷ ይናገር።»

አባቴ ዱላውን መሬት ላይ አጋደመው። «እኔ ወተት አጠጥቼ በር ሥር አስተኛኋት» አለ። «እሳቸው በርበሬ አጉርሰው አስቀሯት። እንግዲህ ምን እላለሁ?»

በር ሥር መተኛቴን ያስተውል ነበር ማለት ነው። ያን ስሰማ አለቀስሁ፣ በርበሬው ካስለቀሰኝ የባሰ። ሄጄ ጉልበቱን ሳምሁት። እሱም «ለፋሲካ አገርሽ ትመጫለሽ፣ አባትነቴ አልቀረም» አለኝ። ፋሲካ ሲደርስ ሄድሁ፣ ተመለስሁም።

አባ ገረመው ነገሩ በወጉ እንዲሆን አዘዙ። እትዬ አንጓች እጃቸውን በሳሙና ታጥበው፣ ቅቤ አሽተው፣ እንደገና ታጥበው መጡ። በሰው ፊት አውራ ጣታቸው ማር ተቀባ፣ እኔም ተንበርክኬ ጠባሁ። ጣፋጭ ነበር፤ ከጥፍራቸው ሥር ያመለጠ ትንሽ ቃጠሎም ነበረው። ሽማግሌዎቹ «አሳድጊ፣ ተጧሪ» ብለው መረቁ። ሰንዱ እልል አለች፣ ሴቶቹ ተቀበሏት። እትዬ አንጓች ወዲያው «በሉ፣ ዛላው በእልልታ አይቀነጠስም!» ብለው ጮኹባቸው።

የዚያን ምሽት መጋዘን አልሄድሁም። ቤታቸው አስገቡኝ። መደቡ ላይ ቁርበት ተነጥፏል። እኔ በልማዴ በበሩ በኩል ጋደም አልሁ። የሚከነክነኝ ነገር ስለነበረ ጠየቅኋቸው።

«እትዬ፣ ማር ይዤ ስመጣ ካዩኝ፣ እጅዎን ለምን አልታጠቡልኝም?»

ኩራዙን ሊያጠፉ ጎንበስ እንዳሉ ቀና ብለው አዩኝ።

«ማርማ ማንም ይጠባል» አሉኝ። «በይ፣ በር በር አትበይ። ወዲህ ወደ ግድግዳው እለፊ፣ በበሩ በኩል እኔ ነኝ የምተኛ።»